ከወለሉ አንድ ስንዝር

«እዚያ ላይ አይደለም፣ አባዬ። ውረድ» አለች ልጁ።

ጡረታ የወጣው ቀለም ቀቢ ወንበር ላይ ቆሞ፣ ጋዝ ሲያፈተልክ የሚጮኸውን አዲስ ማስጠንቀቂያ ከማድ ቤቱ ጣሪያ ሥር እንደያዘ ዞር አላለም። ሳሎን ውስጥ ለቅሶ ሊደርሱ የመጡ ሰዎች ሻይ ይዘው ያንሾካሹካሉ። ሚስቱን የቀበረው በዚሁ ሳምንት ነው።

«ላይም ሆኖ ይጮኻል።»

«ላይ የሚሰቀለው የጭሱ ነው። የሲሊንደር ጋዝ ከአየር ይከብዳል፣ ወለል ለወለል ነው የሚሄደው። ባለሱቁ ነግሮህ የለ?»

ነግሮታል። ለሲሊንደር የተሠራውን መርጦ የሰጠውም እሱ ነው፤ ከምድጃው ፈንጠር ብሎ፣ ከወለሉ አንድ ስንዝር፣ ፊቱን ምንም ሳይከልለው ይለጠፍ ብሎ። ክፋቱ፣ እንደዚያ ያለ ባዶ ግድግዳ አንድ ብቻ ነው፤ እዚያ ደግሞ የሚስቱ በርጩማ አለች፣ የማድ ቤት ሽርጧ እንደተጣለባት። እሱም አልነካትም፣ ሌላም አላስነካ።

ከሳሎን አንዷ «አፍንጫው እኮ እሷ ነበረች» ስትል ሰማ።

እውነት ነው። ቀለሙና ቲነሩ ማሽተቱን ከወሰዱበት ቆይቷል። የልጁ ባል አንድ ጊዜ ሰው በተሰበሰበበት ማዕድ ላይ ይህንኑ አንስቶ «ለአማቴ ሽቶ መግዛት ብክነት ነው» ብሎ አስቆበታል። ያን ቀን ያልሳቀችው ሚስቱ ብቻ ነበረች። ማታ ማታ በርጩማዋ ላይ ቁጭ ትልና ወደ ሲሊንደሩ ጎማ መጋጠሚያ ጎንበስ ብላ ታሸታለች። «ደህና ነው፣ ተኛ» ትለዋለች። ይተኛል።

ያው የልጁ ባል አሁን ሻዩን እንደያዘ በሩ ላይ ቆሟል። «አባባ፣ ምን አስለፋዎት? እኛ ጋ ይምጡ። የዕቃ ክፍሏን እናጸዳልዎታለን።»

የዕቃ ክፍሏን።

«አባዬ፣ በቦታው ካላደረግከው ብቻህን ትቼህ አልሄድም» አለች ልጁ፣ ቀስ ብላ።

ወረደ። በርጩማዋን በሁለት እጁ አንስቶ ወደ ጎን አደረጋት። የቆመችበት ወለል ቀለሙ ሳይለቅ ቀርቷል። ተንበርክኮ ማስጠንቀቂያውን ለጠፈና የመሞከሪያውን ቁልፍ ተጫነ። ጩኸቱ ቤቱን ሞላው። የልጁ ባል ሻዩን ሱሪው ላይ ደፋ። እሰይ፣ አለ በሆዱ።

ሲመሽ ሁሉም ሄዱ። ትንሿ አረንጓዴ መብራት በርታለች፤ ተኛ የሚለው ግን የለም። ሽርጧን ከበርጩማዋ አንስቶ አፍንጫው ላይ አደረገው። ምንም። ቢሆንም አላወረደውም።