ቅርጫት ውስጥ የቀረው ሰይፍ

በኦሳካ ምሥራቃዊ ጫፍ፣ ከባቡር ሐዲዱ ሥር፣ የኡሜዛኪ ያሱጂን ያህል ሙቅ ውሃ የሚያውቅ ሰው ይፈለግ ቢባል ፍለጋው ሦስት ትውልድ ይፈጃል። ትንሿን ጣቱን ነክሮ የገንዳውን ሙቀት እስከ ግማሽ ዲግሪ ይናገራል። የሕዝብ መታጠቢያ ቤቱ ጭስ ማውጫ ከቁመቱ ብዛት ደመና ስለሚወጋ፣ በዚያ ሰፈር ዝናብ የሚጥለው በእሱ ሳቢያ ነው የሚሉ ሰዎች አሉ። ሰዎቹ ቢቆጠሩ አንድ ናቸው፤ እሱም ያሱጂ ነው።

ይህ ሁሉን አዋቂ ሰው ማክሰኞ ጠዋት ቴሌቪዥኑ ፊት ተቀምጦ፣ የሚስቱን የቪዲዮ ጌም ጆይስቲክ ሕያው ሸርጣን እንደያዘ ሰው በሁለት እጁ ዘርግቶ ይዞ፣ መላ ጠፍቶት ነበር።

ነገሩ የመጣው ከፉሳኤ ጉልበት ነው። ሚስቱ ፉሳኤ ሠላሳ ዓመት ሙሉ የገንዳ ንጣፍ ስትፈገፍግ ኖራ፣ የቀኝ ጉልበቷ አልታዘዝ ስላለ ሐኪሞቹ አውጥተው በብረት ተኩት። አርብ ከሆስፒታል ትወጣለች፤ ከዚያ በኋላ ግን አንድ ወር እቤት ተቀምጣ፣ መራመድን እንደ ሕፃን ከአንድ እርምጃ ትጀምራለች። ፉሳኤ የምታለቅስ ሴት አይደለችም። ሰኞ ዕለት ሊጠይቃት ሲሄድ ግን ዓይኗ ግድግዳው ላይ ነበር። በመጨረሻ የአንድ ሱቅ ማስታወቂያ ወረቀት ገልብጣ ጀርባው ላይ መጻፍ ጀመረች።

«አባቱ፣» አለችው። ልጆቻቸው አግብተው ከወጡ ዘመን ቢያልፍም አጠራሯ ይኸው ነው። «አርብ ስመጣ የምፈልገው አንድ ነገር ብቻ ነው። ጌሜን ከመጀመሪያው ጀምረህ እስከ በረዶው ጎጆ አድርስልኝ።»

«ጨርሰሽው የለም እንዴ? የጨለማውን ንጉሥ ገደልኩ ብለሽ ሰፈሩን በሩዝ ኬክ አጥለቅልቀሽው አልነበር?»

«ስለጨረስኩ እኮ ነው እንደገና የምጀምረው።»

«እንደገና ከተጀመረማ የነበረው ጠፋ ማለት ነው።»

«አይጠፋም! አዳምጠኝ። ሲከፈት ከሚመጣው ዝርዝር ሦስተኛው መስመር። የመጀመሪያውን ከነካህ የተጫወትኩት ሁለት መቶ አሥራ ሁለት ሰዓት አመድ ሆነ። ሦስተኛውን ካልክ ግን ሁሉንም እንደያዝክ ነው የምትጀምረው። ጉልበትህን፣ ሰይፍህን፣ ወርቅህን።»

«ታዲያ ምኑ ነው እንደገና የተጀመረው?»

«ታሪኩ!»

ያሱጂ ታሪክ ከባለታሪኩ ተነጥሎ እንዴት ብቻውን ወደ ኋላ እንደሚመለስ አልገባውም። «ገባኝ» አለ።

«ልጁ እናቱን ትቶ የሚወጣበትን መጀመሪያ ማየት አልወድም፤ እሱን አንተ አሳልፈኝ። ጎጆው ጋ ኪናኮ አለች።» ኪናኮ በጌሙ ውስጥ ልጁን የምትከተል ተኩላ ናት፤ የጠጉሯ ቀለም የተቆላ አኩሪ አተር ዱቄት ስለሚመስል ስሙን ያወጣችላት ፉሳኤ ናት። «ወሩን ከእሷ ጋር ነው የምቀመጠው። አንድ ጠጉሯን ነክተህ ብትገኝ በአዲሱ ጉልበቴ ነው የምረግጥህ። ደግሞ እሷን ለማግኘት...»

«ተይው፣ አውቀዋለሁ! እኔ ጌም ስጫወት አንቺ ገና ጥርስሽን ትነቅይ ነበር። እንዲህ ዓይነቱን በአንድ እጄ፣ በሌላው ሻይ እየጠጣሁ ነው የምጨርሰው።»

እውነቱ ሌላ ነው። ያሱጂ በዕድሜው ጌም የነካው ሁለት ጊዜ፣ ያውም በጎረቤት ማሽን ነው፤ ሁለቱንም ጊዜ የመጀመሪያው ገደል ውስጥ ገብቶ ቀርቷል። ፉሳኤ ዓረፍተ ነገሯን ልትጨርስ አፏን ከፈተች፤ ነርሷ መጣችና መጋረጃውን ሳበች። እሱም «አውቀዋለሁ» ካለ በኋላ ደውሎ መጠየቅ የሚባል ነገር አይሞከርም። የኡሜዛኪ ዘሮች ከሚጠይቁ ቢሞቱ ይመርጣሉ፤ አያቱ መንገድ መጠየቅ አፍሮ የአንድ ቀን መንገድ ወደሆነችው ኪዮቶ ለመሄድ አሥራ አንድ ቀን ፈጅቶበታል ይባላል።

ማክሰኞ ጠዋት፣ የገንዳውን እሳት ካቀጣጠለ በኋላ፣ ሦስተኛውን መስመር ዓይኑን ጨፍኖ ተጫነው።

አንድ የአሥር ዓመት ልጅ ከአልጋው ተነሣ። እናቱ በምድጃው በኩል ብቅ አለችና «ተነሥ ልጄ፣ ዛሬ የመጀመሪያ ቀንህ ነው» አለችው። ልጁ ጀርባ ላይ የቤት በር የሚያህል፣ እሳት የሚተፋ ሰይፍ ተንጠልጥሏል። ደረቱ ላይ የዘንዶ ቅርፊት ጥሩር አለ። እናቲቱ ይህ ሁሉ አልታያትም። ወተት አቀረበችለት።

ያሱጂ ቦርሳውን ከፈተ። ስምንት ሚሊዮን ወርቅ አለ። መድኃኒቱ አለ። ፉሳኤ የገዛችው ቀይ የአንገት ማሰሪያም አለ፤ «የኪናኮ» የሚል ተጽፎበታል። ኪናኮ ግን የለችም። አልጋው ሥር አየ። በር ወጣ፣ ገባ። ማሰሪያው ካለ አንገቱ የት ሄደ? «ምንም አይጠፋም» ብላው አልነበር? ወይስ የነካው ሁለተኛውን መስመር ነው?

መንደሩን ዞረ። ፉሳኤ ባለፈው ጨዋታ ከእሳት ያወጣችው ሽማግሌ አላወቀውም። «አንተ ልጅ፣ ከአጥሩ እንዳትወጣ፤ ተርብ ይነድፍሃል» አለው።

«ተርብ!» ያሱጂ ቴሌቪዥኑ ላይ ጮኸ። «ዓለምን ያዳነ ሰው እኮ ነው! ምስጋና ቢስ!»

ልጁ እናቱን የሚሰናበትበት ቦታ ሲደርስ ግን ጩኸቱ ጠፋ። እናቲቱ በሩ ላይ ቆማ እጇን ስታወዛውዝ ለረጅም ጊዜ ምንም ሳይጫን ቆየ። ከዚያ ለራሱ «ጭሱ ነው» አለና ዓይኑን ጠረገ። በእሱና በጭሱ መካከል ግን ባለ ሁለት ፎቅ ግድግዳ ነበር።

ረቡዕ ጠዋት በረዶው ተራራ ሥር ደረሰ። ፉሳኤ ወረቀቱ ላይ «አልጋ ላይ ካልተኛህ ምንም አይመዘገብም» ብላ ስለጻፈች፣ ልጁን እንግዳ ማረፊያው ውስጥ አስተኛውና ወደ ጎጆው ወጣ። ደረሰም። ከጎጆው ጀርባ የተቆላ አኩሪ አተር ቀለም ያላት ተኩላ ብቅ አለች።

«ኪናኮ!» አለ ያሱጂ፣ የጠፋች ልጁን እንዳገኘ ሰው።

ኪናኮ ጥርሷን አሳየችና ዘለለችበት። ያሱጂ ደንግጦ አንድ ቁልፍ ተጫነ፤ አንድ ብቻ። ሰይፉ ወረደ። ተራራው ለሁለት ተሰነጠቀ፣ ሰማዩ ቀላ፣ ኪናኮ ብናኝ ሆነች። «አሸነፍክ! ሁለት ሳንቲም አገኘህ» የሚል ጽሑፍ ወጣ።

ያሱጂ ከተቀመጠበት ተወርውሮ ሶኬቱን ነቀለው። ከወገቡ በላይ የነበረው ላብ አንድ ገንዳ ይሞላ ነበር።

እንደገና ሲከፍተው ልጁ እንግዳ ማረፊያው አልጋ ላይ ነው፤ ኪናኮም በሕይወት አለች። ሰይፉን አውልቆ በቡጢ ሞከረ፤ ያ የተረገመ ጉልበት ተኩላዋን ጨረቃ ላይ ሰቀላት። ሸሸ፤ አልተከተለችውም። ሥጋ ወረወረላት፤ ዘልላ አልፋው መጣች። ምንም ሳይመታ ጥሩሩን እንደለበሰ ቆመ፤ ነከሰችው፤ ከዘንዶው ቅርፊት የወጣው እሳት አቃጠላት። እስከ ሐሙስ እኩለ ቀን ድረስ የሚስቱን ተኩላ አርባ ጊዜ ገደላት። አርባ ጊዜ ሶኬት ነቀለ። የቀረው አንድ ጠዋት ነው።

ሐሙስ ዘጠኝ ሰዓት የመታጠቢያ ቤቱን በር ሲከፍት፣ እንደ ወትሮው መጀመሪያ የገባው ሽማግሌው የታታሚ ምንጣፍ ሠሪ ጋሽ ኮማኪኖ ነው።

«አለቃ፣ ምነው ፊትህ? የትናንት ውሃ ይመስላል።»

«ጋሽ ኮማኪኖ፣ ችግር ላይ ነኝ። ከመጠን በላይ ጠንካራ ሆኜ ተቸገርኩ።»

ሽማግሌው ካልሲውን ሊያወልቅ አጎንብሶ እዚያው ቀረ። «ሠላሳ ዓመት ጉራህን ሰምቻለሁ፤ ይኸኛው ግን አዲስ ነው።»

«በእናቴ! የነካሁት ሁሉ ይሞታል። አልነካም ብዬ ስቆም ልብሴ ይገድላል።»

«ልብስህማ ፉሳኤ ከሄደች አልታጠበም፤ ይገድላል።»

ያሱጂ ሊመልስ ሲል አንድ እንግዳ ሰው ገባ። ወፍራም ነው፤ የወርቅ ሰዓት አስሯል፤ ጣቶቹ በቀለበት ታጥረዋል። ልብሱን አወለቀና ሰዓቱን እንዳሰረ ወደ ገንዳው አመራ።

«ጌታው!» አለ ያሱጂ ከመቀመጫው፣ ሳያስብ፤ ሠላሳ ዓመት የደጋገመውን። «ሁሉንም ቅርጫቱ ውስጥ! ሰዓቱንም፣ ቀለበቱንም! እዚህ ቤት ዳኛም ሌባም እንደተወለደ ነው የሚገባው!»

ሰውየው እያጉረመረመ አወለቀ። እግሩን ገንዳው ውስጥ ሲከት «አቤት! ይናከሳል እኮ!» ብሎ ጮኸ፤ ውሃውን በእጁ በእግሩ ይመታው ጀመር።

ጋሽ ኮማኪኖ እስከ አገጩ ተነክሮ ዓይኑን እንደጨፈነ ነበር። «አትንቀሳቀስ ልጄ። ከተወራጨህ ይነክስሃል፤ ዝም ካልክ ይለምድሃል። አለቃችን ያስተማረን ነው፤ ከተናገረው ሁሉ እውነት የሆነችው እሷ ብቻ ናት።»

ያሱጂ አፉን ከፍቶ ቅርጫቱን አየ፣ ገንዳውን አየ፣ እንደገና ቅርጫቱን አየ።

አርብ ጠዋት ልጁን ከእንግዳ ማረፊያው አስነሣና ያለውን ሁሉ አስወለቀው። ሰይፉን፣ ጥሩሩን፣ ጫማውን፣ ጓንቱን። ልጁ በውስጥ ሱሪ ብቻ በረዶው ላይ ቆመ። ያሱጂ ራሱ በረደው። ኪናኮ ዘለለች። ያሱጂ ጆይስቲኩን ምንጣፉ ላይ አኖረና ሁለት እጆቹን ከጭኑ ሥር ወሽቆ ተቀመጠባቸው።

ነከሰችው፤ ከሁለት መቶ አሥራ ሁለት ሰዓት ጉልበት ላይ አንዲት ነጥብ ቀነሰች። ነከሰችው፤ አንዲት። ነከሰችው። ከዘጠኝ ሺህ ዘጠኝ መቶ ዘጠና ዘጠኝ ላይ አንድ አንድ እያለ ሲቀንስ፣ ጣቶቹ ከጭኑ ሥር እንደ ዓሣ ይላወሱ ነበር። አንድ ሰዓት አለፈ። በሥራ ዘመኑ ሁሉ እንዲህ ያለ ከባድ ሥራ ሠርቶ አያውቅም። ይህን የሚሠራ ሰው በጃፓን ምድር ሁለት የለም። ደግሞስ እየሠራ ነው ወይስ እየተበላ? አላወቀም።

ከዚያ ኪናኮ ቆመች። ምላሷን አወጣች። ዞራ ዞራ ልጁ እግር ሥር ተኛች። ማያው ላይ «ስሟን ማን ትላታለህ?» የሚል ጥያቄ መጣ።

በዚያው ቅጽበት ውጭ የታክሲ በር ተዘጋ።

ፉሳኤ ምርኩዟን ይዛ ገባች፤ ቴሌቪዥኑ ፊት ባለው ወንበር ላይ በሁለቱም እጆቿ ተደግፋ ተቀመጠች። ማያውን አየች።

«አባቱ፣ ልጄ ለምንድነው ራቁቱን የሆነው?»

«ልብሱ ቅርጫት ውስጥ ነው። ምንም አልጠፋም።»

«ኪናኮን እንዴት አገኘሃት? እኔ መጀመሪያ ጊዜ ሦስት ቀን ተደባድቤ አድክሜ ነው። በዚህ ሰይፍማ... እሱን ልነግርህ ስል እኮ ነው ‹አውቀዋለሁ› ያልከኝ።»

«አውቀው ነበራ» አለ ያሱጂ። «ፉሳኤ፣ አንድ ነገር ብቻ ንገሪኝ። ኪናኮ አሁን ታውቅሻለች?»

«አታውቀኝም።»

«የመንደሩ ሽማግሌም አላወቀኝም። የልጁ እናትም ሰይፉን አላየችም። ታዲያ ምኑ ነው ያልጠፋው?»

ፉሳኤ ጆይስቲኩን አንሥታ «ኪናኮ» ብላ ጻፈች፤ ከቦርሳው ቀዩን ማሰሪያ አውጥታ አሰረችላት። ልክ ሆነ። በጣም ልክ ሆነ፤ ያሱጂን ይበልጥ ያደናገረው ይኸው ነው።

«ሻይ ላፍላ» አለችና ምርኩዙን ጨበጠች።

«እኔ አመጣ...»

«አትንካኝ። ሐኪሙ በራሴ እንድሄድ ነው ያለው።»

ተነሣች። ሠላሳ ዓመት ባልዲ ይዛ የሮጠችበትን ኮሪደር አየችው፣ ከዚያ በፊት አይታው እንደማታውቅ። አንድ እርምጃ ሄደች። ተንገዳገደች። ያሱጂ ከተቀመጠበት ግማሽ ተነሣ። ፉሳኤ ሳትዞር «አባቱ!» አለች።

ቁጭ አለ። ሁለት እጆቹን ከጭኑ ሥር ወሽቆ ተቀመጠባቸው። እሷም አንድ ስትል፣ ቆማ ስትተነፍስ፣ ሌላ አንድ ስትል፣ ትንፋሹን ይዞ ቆጠረ። ምድጃው እስክትደርስ ዘጠኝ እርምጃ ነበር። ዘጠኝ ሰዓት ላይ ጋሽ ኮማኪኖ ካልሲውን እያወለቀ ፉሳኤ ስንት እርምጃ እንደሄደች ሲጠይቀው ግን ዘጠና አለው፤ ያውም ያለ ምርኩዝ።