የአራት ጥንድ ተራራ

ድንጋይ ነካሽ የምንለው ዓሣ መልከ ጥፉ ነው። በቀዝቃዛው ባሕር ወለል ላይ ተጋድሞ በጠማማ ጥርሶቹ ዛጎል ሲሰባብር ይውላል። እኛ የአይስላንድ ድሆች ግን ሥጋውን አድርቀን በቅቤ እንበላዋለን፤ ቆዳውን ጫማ አድርገን እንሰፋዋለን። ጫማው ቶሎ ስለሚበሳ መንገድ የምንለካው በእሱ ነው። ከመንደራችን ጀርባ ያለው ተራራ ደርሶ መልስ አራት ጥንድ ይበላል።

ከተራራው ማዶ የኦድኒ እጮኛ ኬቲል አለ። ክረምቱን ድምፁ ሲጠፋ ኦድኒ እንቅልፍ አጣች። ይፈልጋት እንደሆነ፣ ትቷት እንደሆነ ማን ይንገራት? አብረን ላም አላቢዎች ነበርንና ጭንቀቷ ለእኔም ተረፈኝ።

ይኼኔ ጎረቤታችን ብራንዱር «እኔ ሄጄ እጠይቅልሻለሁ» ብሎ ደረቱን ነፋ። ለራሱ እንደሚመኛት ላሞቹ እንኳ ያውቃሉ። ሌላ የሚሄድላት ሰው ግን አልነበረም። አራት ጥንድ ጫማ በእጇ ሰፍታ፣ ደረቅ ዓሣና ቅቤ ቋጥራ ሸኘችው።

ከቀናት በኋላ ፊቱን አጨፍግጎ ተመለሰ።

«እርምሽን አውጪ፣ እህቴ። ኬቲል አግብቷል። ስምሽንም ረስቶታል።»

ኦድኒ አመነችው። እኔም ልቤ ተቆረጠ።

እዚህ ላይ አፉን ቢዘጋ ኖሮ ተሳክቶለት ነበር። ጉረኛ ግን መቼ ያስችለዋል! ከከረጢቱ ሦስት ጥንድ ጫማ አውጥቶ ዘረጋላት።

«እንቺ፣ ልፋትሽን አላባከንኩም። እንደ እኔ ለሚራመድ ወንድ አንዱ ጥንድ ይበቃል!»

«ስንቁስ?» አልኩት።

«ስንቁማ አልቋል!»

ኦድኒ ጎንበስ ብላ የተጫማውን አየች። ስፌቱ እንኳ አልላላም። ከሥሩ የበግ በጠጥ ተጣብቋል።

«በዚህ ክረምት ተራራ ላይ በግ አለ እንዴ?»

«እ... አንድ የጠፋች በግ...»

«ወይ አንተ! ታች ካለው የበግ ጋጣ ተጋድመህ ዓሣዬን ስትበላ ነው የከረምከው!»

ብራንዱር መረብ እንደያዘው ድንጋይ ነካሽ ጥርስ ብቻ ሆኖ ቀረ። ባይናደድብኝ በሳቅ በፈረስኩ ነበር፤ ለነገሩ ቢናደድም ሳቅሁ።

ኦድኒ ከሦስቱ ጥንድ ሁለቱን አነሳች።

«ደርሶ መልስ አራት ነው። እኔ አልመለስም» አለች። ሦስተኛውን ወረወረችለት። «ይኼ ላንተ። እስከ ጋጣው ያደርስሃል።»

በጸደይ ከማዶ ወሬ መጣ። ኬቲል ለካ ክረምቱን እግሩ ተሰብሮ ተኝቶ ኖሯል፤ አሁን ከኦድኒ ጋር ተጋብተዋል። ብራንዱር ያንን ጥንድ ዛሬም ይጫማዋል። አንድም ቀዳዳ የለውም።