ስልክ የዘጋው ጎሚስታ ቤት

ሸምሶ እባላለሁ። ቡታጅራ፣ ወደ ጥያ በሚያወጣው መንገድ ዳር አሥራ ስድስት ዓመት ጎማ ጠግኛለሁ።

ባለፈው ጥቅምት አንድ የአዲስ አበባ ሰው መኪናውን ከጎማ ክምሬ ፊት አቁሞ ወረደ። የኋላ ጎማው ተንፍሷል። ኮምፕሬሰሬ ይጮኻል፣ እጄ እስከ ክርኔ ጠቁሯል። ሰውዬው ስልኩን እያየ፣

«ወንድሜ፣ እዚህ ጎሚስታ ነበረ፤ በቋሚነት ተዘግቷል ይላል። ሌላ የት አገኛለሁ?» አለኝ።

«ጎሚስታው እኔ ነኝ» አልኩት።

መልሶ ስልኩን አየ። ዓይን አይቶ ልብ ይፈርዳል ይባል ነበር፤ አሁን የሚፈርደው ስልክ ሆኗል። ካርታውን አሳየኝ። የቤቴ ስም አለ፣ ከሥሩ በቀይ «በቋሚነት ተዘግቷል» ይላል። ለካ ከአረፋ ወዲህ የመንገደኛ መኪና የራቀኝ ለዚህ ነው። እኔ ደግሞ ዓይን በላኝ ብዬ ሰው ስጠረጥር ከርሜአለሁ። አሁንም ሳስበው ደሜ ይፈላል።

ነገሩን ያጣራችልኝ ከጎኔ ስልክ የምትሸጠው ባሂራ ናት።

«በአረፋ ሰሞን መንገደኛ መጥቶ ዝግ ሆኖ አገኘው። ስልኩ ‹ቤቱ አለ ወይ?› ሲለው የለም አለ። ሁለት ሦስት ሰው እንዲህ ካለ አለቀ» አለችኝ።

በአረፋ አገሩ የማይገባ የጉራጌ ሙስሊም የት አለ? አባቴ መርካቶ ላይ አርባ ዓመት ሱቁን ለአረፋ ቆልፎ አገራችን ጉንችሬ ሲገባ ከሰረ ያለው የለም። ደንበኛው እስኪመለስ ይጠብቀው ነበር። ይሄ ዘመናዊ የተባለው ግን እኔ ዘግቼ የሄድኩባትን ሁለት ሳምንት መታገሥ አቅቶት ከነነፍሴ ቀበረኝ።

ባሂራ በሬንም ኮምፕሬሰሬንም እኔንም ቪዲዮ አንስታ ለካርታው ባለቤቶች ላከች። መኖሬን ለማላውቀው ሰው አስመሰከርኩ። በወሩ «ክፍት» አለ፤ ሐቁን ለመናገር መኪናው ያን ሰሞን ጎረፈ።

«ለበዓል ዝግ የምትሆንበትን ቀን ካርታው ላይ መሙላት ይቻላል» አለችኝ ባሂራ፣ «ግን መንገደኛው ዳግመኛ የለም ካለ እኔ እንጃ።»

ፈራሁ። ዘንድሮ ለአረፋ ሚስቴንና ልጆቼን ጉንችሬ ልኬ ብቻዬን ቀረሁ። አባቴ ከሞተ ወዲህ የቤታችንን በሬ ቢስሚላሂ ብዬ የማርደው እኔ ነኝ፤ ታላቅ ነኛ። በበዓሉ ቀን ከማለዳ ጀምሮ ጎሚስታ ቤቴን ከፍቼ ተቀመጥኩ። አንድም መኪና አልቆመም።

ረፋዱ ላይ እናቴ ደወለች።

«ሚስትህ ሥራ ይዞት ነው አለችኝ፣ አላመንኳትም። በአረፋ የሚቀር ሰው የሞተበት ነው። አትደብቁኝ፣ ማን ሞቶ ነው?»

«ማንም አልሞተም፣ እማ።»

«ታዲያ ምን አገኘህ? በሬው ታስሮ ቆሟል እኮ።»

ስልክ ፈርቼ ነው እንዴት ልበላት? አፈርኩ። እሷም ድምፅዋን ወደ ግቢው አዙራ፣

«ቢላውን ለሙባሪክ ስጡት» አለች። ታናሼ ነው።