ፊቱ ወደ ውጭ የታሰረ ድንጋይ

በዛብህ ድንጋዩን ከእጇ ከመቀበሉ በፊት «ፊቱ ወዴት ነበር የታሰረው?» ሲል ጠየቃት።

ራሕመት ይህ ጥያቄ እንደሚመጣ ታውቅ ነበር። ብሌን ድንጋይ ሁለት ገጽ እንዳለው ቦንጋ ውስጥ የማያውቅ የለም። አንዱ ገጹ ጥቁር ነው፤ ሌላው ጥርት ያለ፣ ፊት ለፊቱ ያለውን ሁሉ የሚጠጣ። ልጅ ያለው ሰው ጥርት ያለውን ወደ ልጁ አገጭ አዙሮ አንገቱ ላይ ያስርለታል። ክፉ ቀን ቢመጣ የልጁ ፊት ድንጋዩ ውስጥ ይቀራል። ወደ ውጭ አዙረው የሚያስሩት የመጋዘን ዘበኞች ብቻ ናቸው።

«ወደ ውጭ» አለች።

በዛብህ ቀና ብሎ አያት። የምስል ማውጫው ክፍል ባለሙያ ሆኖ ከጎጃም መጥቶ ከተመደበ ሦስት ዓመቱ ነው፤ በእነዚህ ዓመታት የሰው ለቅሶ ሰልችቶታል። «ፎርሙ ላይ የሕፃን ድንጋይ ነው ብለው ሞልተዋል እኮ» አላት።

«የሕፃን ነው። የልጄ የካውሰር ነው።»

ባሏ ሉቅማን አጠገቧ ተቀምጦ ጣቶቹን እያየ ነበር። የመጣው ወዶ አይደለም። ሁለቱም ወላጆች ፈርመው ካልተገኙ ድንጋይ አይከፈትም፤ የክፍሉ ደንብ ነው።

እስቲ ፍረዱ። የሰባት ዓመት ልጅን የሱቅ ዘበኛ ማድረግ ማን ያስባል? እነሱ አሰቡት። አምና የሉቅማን ስልክ ከሱቃቸው ባንኮኒ ላይ ተሰረቀ፤ የካውሰር ፎቶዎችም በሙሉ አብረውት ሄዱ። ሌላ ሰው ቢሆን ልጁን ዳግመኛ ፎቶ ያነሳል። እነሱ ግን ስለ ሌባው ብቻ አሰቡ። ልጅን ማን ይጠረጥራል ተባባሉና ድንጋዩን ፊቱን ወደ ውጭ አድርገው አሰሩላት፤ በርጩማ ላይ ከባንኮኒው ጥግ አስቀመጧት፤ «የሰው እጅ እጅ እያየሽ» አሏት። ካውሰርም ታዛዥ ነበረች። በሦስተኛው ወር በትኩሳት ሞተች።

አሁን ራሕመት የልጇን ፊት ረስታለች። በአራት ወር ውስጥ ረሳችው። ድምጿን ታስታውሳለች፣ የጸጉሯን ሽታ ታስታውሳለች፤ ፊቷ ግን አልመጣ አላት፤ ይህም ከሞቷ ባልተናነሰ እያቃጠላት ነው። አንድ ተስፋ ነበራት። ከበርጩማው በስተግራ ለሽያጭ የተሰቀለ ትልቅ መስታወት አለ። ልጅቷ ወደዚያ ዞር ብላ ከሆነ ድንጋዩ ፊቷን ከመስታወቱ ላይ ጠጥቶታል።

አንድ ፍርሃትም ነበራት። ብሌን ድንጋይ የሚይዘው ከአንገት ከመፈታቱ በፊት ያለውን የመጨረሻ ሩብ ሰዓት ነው። የመጨረሻው ሩብ ሰዓት የየትኛው ቀን እንደሆነ ራሕመት ታውቃለች። ሉቅማን ያን ቀን ለቡና ግዢ ሺሺንዳ ነበር፤ ሲደውልላት «አሟታል፣ ግን ቤት ተኝታለች፣ ጎረቤት እያየቻት ነው» ብላዋለች። እስከ ዛሬ እንዳመናት ነው።

በዛብህ ድንጋዩን በጫካ ማር አሸው፣ በጨው ውሃ አጠበው፣ መጋረጃውን ዘጋ። «አንድ ጊዜ ብቻ ነው» አለ። «ምስሉ ከወጣ በኋላ ባዶ ድንጋይ ነው የሚሆነው። ልቀጥል?»

«ይቀጥሉ» አለች ራሕመት። ፊቷን ማየት አለባት፤ የመጣው ይምጣ።

መብራቱ በድንጋዩ ውስጥ አልፎ ግድግዳው ላይ ሱቁን አወጣው። ድምፅ የለውም። ዘይቱ፣ የሳሙናው ክምር፣ ከባንኮኒው ጀርባ ራሷ ራሕመት፣ ወገቧን ይዛ ከደንበኛ ጋር ስትስቅ። ሌላ ሴት ሁለት ሳሙና ወደ ዘንቢሏ አስገባች። ወዲያው ከምስሉ ሥር አንዲት ትንሽ እጅ ወጥታ ወደ ሴትዮዋ ጠቆመች።

ራሕመት ያቺን እጅ ስታይ ተንሰቀሰቀች። በምስሉ ያለችው ራሕመት ግን አላየችም። ትንሿ እጅ ጥቂት ቆይታ ወረደች።

ከዚያ ሱቁ ማዘንበል ጀመረ። ባንኮኒው ጋደለ፣ ወለሉ መጣ። ልጅቷ እየደከመች ነበር። ወዲያው የእናትየው እጅ መጣና ትከሻዋን ይዞ ቀና አደረጋት፤ ድንጋዩንም አስተካክሎ ወደ ደንበኞቹ መለሰው። ግንባሯን አልነካም።

ሉቅማን ከወንበሩ ወደ ፊት ተሳበ።

ምስሉ ቀስ እያለ ወደ ግራ ዞረ። የመስታወቱ ጠርዝ ብቅ አለ። ራሕመት ብድግ አለች። መስታወቱ ውስጥ አንድ ትከሻ፣ የአንድ ጉንጉን ጫፍ፣ ከዚያ ጆሮ ታየ፤ ጆሮዋ ላይ ራሕመት የገዛችላት ትንሽ ሎቲ ነበር። ጉንጯ ሊመጣ ሲል ያው እጅ ገባ። አገጯን ይዞ ወደ ባንኮኒው መለሳት። በምስሉ ያለችው ራሕመት አፏ ተንቀሳቀሰ፤ «ወደዚህ እዪ» ስትል እንደነበር ቆማ የምታየው ራሕመት አስታወሰች።

ደንበኞቹ መጡ፣ ሄዱ። በመጨረሻ ሁሉ ነገር ተገለባብጦ ጣሪያው መጣ፤ የእናትየው ፊት ከላይ ጎንበስ አለ፣ እጆቿ ድንጋዩን መፍታት ጀመሩ፣ ግድግዳው ነጭ ሆነ።

በዛብህ መጋረጃውን ከፈተ። ባዶውን ድንጋይ በወረቀት ጠቅልሎ ጠረጴዛው ላይ አኖረው፤ ማኅተሙንም ሳበ። «የልጅቷ ፊት አልወጣም» አለ። «ሌባዋ ግን ጥርት ብላ ታይታለች። ከፈለጋችሁ ያየሁትን ጽፌ እፈርማለሁ፤ ፍርድ ቤት ይቀበለዋል።»

«ሉቅማን» አለች ራሕመት።

ሉቅማን አላያትም። «ይጻፉልኝ» አለው ለበዛብህ። «ሌባዋን ይተዉአት። የዚህችን ሴትዮ እጅ ይጻፉ። ልጄ ቤቷ አልጋ ላይ እንዳልነበረች ይጻፉ።»

በዛብህ እስክሪብቶውን ከኪሱ አወጣ፤ ሁለቱንም ተራ በተራ አያቸው። ሥራው መጻፍ ነውና ለምን ብሎ አልጠየቀም።

«ሙሉ ስም?» አለ።

ራሕመት የራሷን ስም እስከ አያቷ ድረስ ነገረችው።