ድንጋዩ ላይ የቀረ ኩባያ

«መስኮቱን ጋርዱልኝ፤ እናቴን ልያት» አለ የሻው።

የሣልስቱ ማግስት ነው። ጎረቤቶች ግድግዳው ላይ ነጭ ጋቢ ሰቀሉ። ሳሪት ፕሮጀክተሩን በርጩማ ላይ አኑራ ቆማለች፤ ከመጣች ጀምሮ ሰሌኑ ላይ አልተቀመጠችም። ሐዘንተኛ ትሁን እንግዳ ለራሷም አልለየላትም። ጎንደር አጠገብ እዚሁ ወለቃ ተወልዳ፣ በልጅነቷ እስራኤል ሄዳ፣ እዚያው ተምራ፣ ሰውን ሁሉ «ማን ነህ? ምን ታስታውሳለህ?» እያለች በመቅረጽ ስም ያወጣች ፊልም ሠሪ ናት። እሷን የጠየቃት ግን የለም።

ንፍሮ የምታድለው ዝናሽ ስታልፍ፣ «ምነው ቆመሽ? ልትቀርጪን ነው?» አለቻት። ከወዲያ አንዱ ሳቁን በሳል ሸፈነ።

ሟቿ፣ የየሻው እናት ታየች፣ ክርስቲያን ነበረች፤ ከሳሪት አያት ከሸክላ ሠሪዋ ጋር አጥር ለአጥር ኖረዋል። ያን ጊዜ የአያቷ ወገን፣ ቤተ እስራኤል፣ ከክርስቲያን እጅ ዕቃ አይቀበልም፤ ደጃፍ ባለ ድንጋይ ላይ ይቀመጥለትና ከዚያ ያነሣል። ሁለቱ ሴቶች በዚያ ድንጋይ እህልና ውሃ ሲሰጣጡ፣ ምሥጢር ሲካፈሉ ኖረው፣ እጅ ለእጅ ሳይነካኩ ተለያዩ። ቤተ እስራኤሎቹ ከሄዱ በኋላ መቃብራቸውን ከእሾህ ያጸዳች ታየች ናት።

ዓምና ታየች ይህን ሁሉ ለካሜራው አውርታ ስታበቃ፣ የሳሪት አያት በሠራችው የሸክላ ኩባያ ውሃ ቀድታ ለሳሪት ዘረጋችላት። የሳሪት ሁለት እጆች ካሜራው ላይ ነበሩ፤ ምስሉ እንዳይነቃነቅ ብላ አልተቀበለችም። አሮጊቷ ጠብቃ ጠብቃ ኩባያውን ድንጋዩ ላይ አኖረችው። «አያትሽን ሆንሽ» አለች። ሳሪት ያን ከፊልሙ ቆርጣ አወጣችው። የሻው አሁን ልየው ያለው ያልተቆረጠውን ነው።

ጋቢው ላይ ብርሃን ወጣ። በሩ ነፋስ ሲያስገባ ጨርቁ ይነፋል፤ የአሮጊቷም ፊት አብሮ የሚተነፍስ ይመስላል። ወሬዋን ጨርሳ ወደ ባዶው መደብ ዞረች። «የሻው፣ በቃህ፤ በልቅሶ ዓይንህን አታጥፋ። ዝናሽ፣ ንፍሮው በሩ ጋ ላሉት አልደረሰም።»

ሳሪት በቀረጻው ቀን ይህን እርጅና ነው ብላ አልፋው ነበር።

«እኔ ያን ቀን ሳንጃ ወርጄ ሰሊጥ አጨዳ ላይ ነበርኩ» አለ የሻው ቀስ ብሎ። የተቀመጠው እዚያው መደብ ላይ ነው። ዝናሽ ሰፌዱን እንደ ያዘች በሩ ጋ ወዳሉት ተመለከተች፤ እጃቸው ባዶ ነበር።

አሮጊቷ ኩባያውን ዘረጋች። ሳሪት ቀጥሎ የሚሆነውን ታውቀዋለች፤ ድንጋዩ ላይ ታኖረዋለች። አሮጊቷ ግን አላኖረችውም። ሳሪት መሣሪያው ቆሞ እንደሆነ አየች፤ አልቆመም፣ ኩባያው ውስጥ ውሃው ይንቀጠቀጣል። የአሮጊቷ ክንድ እንደ ተዘረጋ ነው፤ ዓይኗም ከሳሪት አልተነሣም።

ዝናሽ ሰፌዱን አኑራ ሰሌኑ ላይ ተቀመጠችና ጠጋ አለችላት።

ሳሪት ተቀመጠች። ቀኝ እጇን ብርሃኑ ውስጥ አስገባች። ጋቢው ላይ የእጇ ጥላ ወጣ፤ ጣቶቹ ቀስ ብለው ኩባያውን ያዙ።