ያልተነበበው አንቀጽ

«አባትሽ ሳይፈቅዱ ይህን አላትምም» አለ አሳታሚው ፊሊጶስ፤ ስምንቱን ገጽ ጠረጴዛው ላይ እየገፋ ለገላኔ መለሰላት።

ገላኔ በመስኮቱ ወደ ታች አየች። ሀይሌ ጋርመንት ላይ ታክሲዎቹ እንደ ልማዳቸው ተቆላልፈዋል፤ ረዳቶቹ ይሰዳደባሉ። እሷም ወርዳ አብራቸው ብትሳደብ ደስ ባላት።

ሁለት ዓመት ነው የለፋችበት። አንዲት አየርላንዳዊት ስለ ገዛ ቤቷና ስለ ገዛ ሰዎቿ የጻፈቻቸውን ወጎች ወደ አማርኛ ለመመለስ ሁለት ዓመት ሙሉ ወገቧ እስኪቆረጥ ተቀምጣለች። ሴትዮዋ ለዝናብ ብቻ ስድስት ገጽ ትፈጃለች። ምድጃቸው ላይ የሚያነዱት ከረግረግ ተቆርጦ የደረቀ አፈር ነው፤ ፊሊጶስ ደግሞ «አፈር ይነዳል እንዴ? አንባቢ ይስቅብናል» እያለ ያንን ገጽ ሦስት ጊዜ መልሶባታል። እሱስ ይሁን። ገላኔን ያንገበገባት ሌላ ነው። ሴትዮዋ የማትናገረው ነገር የለም። የአባቷን ስካር፣ የእናቷን ስስት፣ እህቷ የሞተች ዕለት እሷ ራሷ የተሰማትን ክፉ ቅናት፣ ሁሉንም በስም እየጠራች ትዘከዝከዋለች። «ይቺ ሴትዮ ዘመድ የላትም እንዴ? ጎረቤትስ?» እያለች ስትበሳጭ ከርማ፣ ቀስ በቀስ ብስጭቱ ቅናት መሆኑን አወቀችው። እኛ ጋ ይህ ገመና ይባላል፤ ገመና ደግሞ ተሸፍኖ ነው የሚያረጀው።

ፊሊጶስ ባለፈው ወር «አንባቢ በዝናብና በአፈር ብቻ አይያዝልኝም፤ ከራስሽ ቤት የሚነሳ መግቢያ ጻፊ» ሲላት ግን እጇ ቀደማት። በሦስት ቀን ውስጥ ስምንት ገጽ ሞላች። ለሰው ትንፍሽ ያላለችው ነገር ወጥቶ ወረቀት ላይ ቁጭ አለ።

«ጥሩ ነው እኮ፤ ከሴትዮዋም ይበልጣል» አለ አሁን ፊሊጶስ መነጽሩን እያወለቀ። «ግን አምና የአንዱ ደራሲ አጎት ዘመድ አዝማድ አስከትሎ መጥቶ ይህን ቢሮ አተራምሶብኛል። ሁለተኛ አይለምደኝም። ሰውየው በሕይወት አሉ፤ ስማቸው አለበት፤ ይፈርሙልኝ። ማተሚያ ቤቱ ፋይሉን የሚረከበው ዛሬ አስራ አንድ ሰዓት ነው።»

«ባይፈርምስ?»

«ተይው፤ ስለ አየርላንድ የሕዝብ ብዛትና የአየር ጠባይ ሁለት ገጽ ጻፊልኝ። መግቢያን እንደሆነ ማንም አያነበውም።»

«አባቴ ማንበብ አይችልም፣ ፊሊጶስ።»

«እንግዲያው አንብቢላቸዋ!»

ልታንቀው ምንም አልቀራት። ወረቀቶቹን ሰብስባ ወጣች።

ወደ ላፍቶ የሚሄደው ታክሲ ውስጥ ገጾቹን ጉልበቷ ላይ አድርጋ ተቀመጠች፤ አልገለጠቻቸውም። ምን እንዳለባቸው ታውቃለች። የዛሬ ሃያ ሁለት ዓመት፣ እሷ የአምስተኛ ክፍል ተማሪ ሳለች፣ ስለ እርሻቸው መወሰድ የሚናገር ባለማኅተም ደብዳቤ ቤታቸው መጣ። ከቤቱ ፊደል የቆጠረች እሷ ብቻ ነበረች። አባቷ በርጩማ ላይ አስቀምጠው አስነበቧት። የመጨረሻው አንቀጽ ላይ ስትደርስ ቃላቱ ረዘሙባት፤ ውጭ ደግሞ ጓደኞቿ ገመድ እየዘለሉ ይጠሯታል። አባቷ «አለቀ?» ሲሏት «አለቀ» አለችና ሮጣ ወጣች። ያ አንቀጽ ቅሬታ ያለው ሰው በአስራ አምስት ቀን ውስጥ ቀርቦ ያመልክት ይል ነበር።

ጎረቤታቸው በንቲ ለእሳቸው የመጣውን ደብዳቤ አስነብበው አመለከቱ፤ ምትክ መሬትም ተሰጣቸው። አባቷ ኦቦ ቱሉ ግን ቀኑ አለፈባቸው። ባልንጀሮች ነበሩ፤ አንድ ጥማድ በሬ እየተዋዋሱ ያርሱ ነበር። ቱሉ «ደብቀኸኝ ሄድክ» አሉ፤ በንቲ «ደብዳቤው ላይ ተጽፏል፤ ያየኸው መስሎኝ ነው» አሉ። ነገሩ ሽማግሌ ፊት ቀረበ። የበንቲ ደብዳቤ ከማመልከቻቸው ጋር ቢሮ ቀርቷል፤ ቱሉ ደግሞ የእሳቸውን በመጣበት ቀን በንዴት ቀደው ጥለውታል፤ ስለዚህ ልጅቷ ተጠራች። «እንዲህ የሚል ነበረበት?» ሲሏት የዘለለችው አንቀጽ ትዝ አላት፤ የአባቷን ፊት አየችና «አልነበረበትም» አለች። የአስራ አንድ ዓመት ልጅ ናት፤ ሽማግሌዎቹ አመኗት። በንቲ ሰው መሃል ውሸታም ተብለው ወደ ቤታቸው ገቡ። ከዚያ ወዲህ ሁለቱ ሰዎች በአንድ ዕድር ውስጥ እያሉ ሰላም ተባብለው አያውቁም።

የወላጆቿ ግቢ እንደ ወትሮው በፎቅ መሃል ተሸጉጧል። ኦቦ ቱሉ ለሁለቱ ላሞች ፉርሽካ በውሃ እያሹ አገኘቻቸው።

«ምነው በሥራ ቀን?»

«የምታዳምጠኝ ነገር አለ፣ አባዬ። መጽሐፉ ውስጥ የሚገባ፣ ስለ እኛ የጻፍኩት ነው።»

«ስለ እኛ? እኛ ደግሞ ምን የሚጻፍ አለን?»

«ስለ መሬቱ ነው። በአጭሩ ልንገርህና...»

«ለምን ታሳጥሪዋለሽ? አንብቢው እንጂ!» እጃቸውን ታጥበው ግድግዳውን ተደግፈው ተቀመጡ። «ገዲሴ! ነይ ስሚ፣ ልጅሽ መጽሐፍ ውስጥ አስገብታናለች!»

እናቷ የወተት ጀሪካን ሲያጥቡ ከነበሩበት እጃቸውን እያራገፉ መጡ። ገላኔ ማንበብ ጀመረች። አባቷ ግን ማዳመጥ የት ያውቃሉ!

«ጤፍ ነው ያልሽው? ያን ዓመት ሽንብራ ነው የዘራነው!»

«እሺ፣ ሽንብራ።»

«ጻፊዋ! ሰው ይስቅብናል።»

ጻፈች። ሁለት መስመር ሳትሄድ ላሟ ዳለቻ እንጂ ቡሬ እንዳልነበረች ተነገራት። የወንዙ መሻገሪያ በታች በኩል እንጂ በላይ አይደለም። ገላኔ ጥርሷን ነከሰች። ሰውየው መደሰታቸው ነው ያናደዳት፤ በየመስመሩ ፊታቸው ይፈካል፣ ወደ ሚስታቸው ዞር እያሉ ይስቃሉ። ምናለ ዝም ቢሉ! ምናለ ዛሬ እንኳ ክፉ አባት ቢሆኑላት!

ሦስተኛው ገጽ አለቀ። አራተኛው ደብዳቤው ነው። አምስተኛው ላይ እንደገና ስለ ላሞቹ ይወራል። ሁለቱን ገጾች አንድ ላይ መግለጥ እንዴት ቀላል እንደሆነ አውራ ጣቷ ነገራት። አባቷ ይፈርማሉ፣ ፊሊጶስ ያትማል፣ እሳቸው እንደሆነ አያነቡት። ሁለቱን ገጾች አንድ ላይ ቆነጠጠች።

«አለቀ?» አሉ ኦቦ ቱሉ።

ገላኔ ቀና ብላ አየቻቸው።

«አላለቀም፣ አባዬ።»

አነበበችው። ደብዳቤውን፣ የዘለለችውን አንቀጽ፣ ገመድ ዝላዩን፣ ሽማግሌዎቹ ፊት ያለችውን። በዚህ ገጽ ላይ አባቷ አንድም ነገር አላረሙም።

«ኧረ በስማም!» አሉ እናቷ ቀስ ብለው።

ኦቦ ቱሉ ከተደገፉት ግድግዳ ቀና አሉ።

«ስንት ቀን ነው ያልሽው?»

«አስራ አምስት።»

«አስራ አምስት ቀን ሙሉ እዚሁ ቁጭ ብዬ ነበር እኮ።» ከዚያ ድምፃቸው ከፍ አለ። «በአንቺ ማልኩበት! የልጄን አፍ አምኜ በአገር ሽማግሌ ፊት በንቲን ውሸታም አልኩት! ሚስቱ ስትሞት ድንኳኑ ውስጥ ተቀምጬ እግዜር ያጥናህ አላልኩትም፣ ታውቂያለሽ? ሰው ሁሉ እያየኝ!»

«ልጅ ነበርኩ፣ አባዬ። ፈራሁ።»

«ያኔስ ልጅ ነበርሽ። ከዚያ በኋላስ? ዩኒቨርሲቲ ስትገቢስ? ሥራ ስትይዢስ?»

የአየርላንዷ ሴትዮ በዚህ ጊዜ ምን እንደምትል ለማሰብ ሞከረች፤ መጽሐፉ ውስጥ የሴትዮዋ እናትና አባት ሁለቱም ሞተዋል። ለካ ሴትዮዋ ለማንም ፊት ለፊት አላነበበችም! ገላኔ በዚያች ሰዓት ሴትዮዋን ከልቧ ጠላቻት።

ስልኳ ጠራ። ፊሊጶስ ነው፤ አስር ሰዓት ተኩል ሆኗል። ዘጋችው።

«እንድትፈርምልኝ ነበር የመጣሁት» አለች፤ ራሷንም አሳፈራት።

ኦቦ ቱሉ አልሰሟትም ወይም መስማት አልፈለጉም። ዱላቸውን አንስተው ኮፍያቸውን ደፉ። እናቷ «ወዴት ነው?» ቢሏቸው ዞረው አላዩም። በሩ ላይ ሲደርሱ ብቻ «ወረቀቱን ያዥ» አሉ ለገላኔ።

ከኮንዶሚኒየሙ ጀርባ ሁለት መንገድ አቋርጠው ሄዱ። ሽማግሌው እንዲህ ሲፈጥኑ አይታ አታውቅም፤ ከኋላቸው ልትደርስባቸው አልቻለችም። አረንጓዴ ቀለም የተቀባ የቆርቆሮ በር ፊት ቆሙ። ዱላቸውን አነሱ፤ መልሰው አወረዱት። ቀና ብለው በሩን አዩ፣ አጎንብሰው ጫማቸውን አዩ። ከዚያ እንደገና ዱላውን አንስተው መቱት።

«ማነው?» አለ ከውስጥ የሽማግሌ ድምፅ።

እርምጃ እየተጎተተ መጣ፤ መቀርቀሪያው ተሳበ። ኦቦ በንቲ በሩን ይዘው ቆሙ። መጀመሪያ ቱሉን፣ ከዚያ ገላኔን፣ ከዚያ እጇ ላይ ያለውን ወረቀት አዩ። ፊታቸው ጠቆረ። ግቡም አላሉ፣ በሩንም አልዘጉም።

ኦቦ ቱሉ ሰላም አላሉም።

«አንብቢለት» አሉ።

ገላኔ የመጀመሪያውን ገጽ ገለጠች፤ ስለ ሽንብራው ማሳ የሚለውን ጀመረች።

«ከዚያ አይደለም» አሉ አባቷ። «ከደብዳቤው ጀምሪ።»