በራችን ላይ የሰቀልኩት ምስል

አባቴ የገጠር አስተማሪ ነበር። ሊቀመንበር ማኦ በሕይወት ሳለ፣ በስሙ የሚምሉ የገዛ ተማሪዎቹ አደባባይ ላይ አንበርክከው ደብድበው ገደሉት። ልጅ ነበርኩ፤ ቆሜ አየሁ። ሾውቲያንን ሳገባ አንድ ነገር ብቻ አስማልኩት፤ የዚያ ሰውዬ ምስል ቤታችን አይገባም።

ሾውቲያን ቃሉን ጠበቀ። አሁን ግማሽ ጎኑ ሽባ ሆኖ አልጋ ላይ ወድቋል። መንደራችን ለፎቅ ተፈልጎ ግድግዳችን ላይ በቀይ ቀለም «ይፈርሳል» ተብሎ ከተጻፈ ሰንብቷል። ምትክ ብለው የሰጡን ስድስተኛ ፎቅ ነው፤ ሊፍት እንኳ የለውም። ሽባ ተሸክሜ የት ልድረስ?

ምስሉን በጨርቅ ጠቅልላ ያመጣችው ጎረቤቴ ቺያኦ ናት።

«በርሽ ላይ ስቀዪው። እሳቸውን የሚደፍር ዶዘር የለም።»

«እትዬ፣ አባቴን እኮ ነው የገደለው!»

«እነዚያ ዱርዬዎች ናቸው እንጂ እሳቸው መች ገደሉ? በእሳቸው ጊዜ ድሃ ከቤቱ ይባረር ነበር? ይልቅ ለዚያ ለተኛው ባልሽ እዘኚለት!»

በራችን ላይ ሰቀልኩት። ሚስማሩን ስመታ አባቴን የምመታ መሰለኝ። ሾውቲያን ከውስጥ በተሳሰረ ምላሱ «ይቅርብሽ» ይለኛል። አልሰማሁትም።

ጠዋት ዶዘሩ ከነሠራተኞቹ መጣ። ሹፌሩ ምስሉን ሲያይ ሞተሩን አጠፋ። ቺያኦ «አላልኩሽም?» ብላ ክንዴን ቆነጠጠችኝ። እንባዬ መጣ። ቀና ብዬ ምስሉን አመሰገንኩት። አዎ፣ እኔ የዚያ አስተማሪ ልጅ፣ አመሰገንኩት።

አለቃቸው፣ አንድ ቦርጫም ጎረምሳ፣ ከዶዘሩ ኋላ ከቆመ መኪናው ወረደ። ኮፍያውን አውልቆ ለምስሉ ሦስት ጊዜ እጅ ነሳ። ከዚያ በሁለት እጁ አወረደውና አቧራውን በእጅጌው ጠረገ።

«እማማ፣ እሳቸው እንዲህ ውጭ አይሰቀሉም፤ ነውር ነው» አለኝ። «አያቴ ጠዋት ማታ ነው የሚሰግዱላቸው።»

ምስሉን መኪናው ውስጥ፣ የኋላ ወንበር ላይ አስቀምጦ በሩን ቀስ አድርጎ ዘጋ። ከዚያ ለዶዘሩ ሹፌር በእጁ ምልክት ሰጠ።

«ባሌ ውስጥ ነው! መነሳት አይችልም!» ብዬ እግሩ ላይ ወደቅሁ።

«ግቡና ከነፍራሹ አውጡት» አለ ሠራተኞቹን።

አውጥተው መንገድ ዳር አስተኙት። ማካፋት ጀምሮ ነበር። ሾውቲያን አይኑን ጨፍኖ ይንቀጠቀጣል፤ ከኋላችን ግድግዳችን ይናዳል። አለቃውን እጁን ይዤ ለመንኩት፤ ዝናቡ እስኪያባራ መኪናው ውስጥ፣ የኋላ ወንበር ላይ ብቻ እንዲያስጠልልልኝ።

እሱም ወደ መኪናው ዞር ብሎ አየና፣

«እማማ፣ ሊቀመንበሩ ተቀምጠውበት የለ እንዴ?» አለኝ።